ራስሽን ብቻ ሁኚ

አንድ የስላቅ ፊልም ላይ ረዳት ዳይሬክተር ነበርኩ። ኮሜዲያኗ የምትገባው ራሷን ሆና ነው፤ በገዛ ስሟ። ስክሪፕቱ ላይ ያለችው «እሷ» ግን ቋጣሪ ናት፣ አስተናጋጅ ትሳደባለች፣ ለቅሶ ቤት ሄዳ ሰልፊ ትነሳለች። እውነተኛዋ ደግሞ ሎኬሽን ላይ ቡና ለምታፈላው ልጅ ሳይቀር ከወንበሯ ብድግ የምትል ሰው ናት።

ፕሮዲዩሰሩ ውሉን ያመጣው ቀረጻ በሚጀመርበት ጠዋት ነው። የሱ ነገር ሁሌም እንደዚያ ነው። በቃል ከተስማሙበት ቀንሶ ጽፎታል።

ሜካፕ ላይ ነበረች። ግማሽ ፊቷ ተቀብቷል፣ ግማሹ ይቀራል። ወረቀቱን አይታ ቀና አለች።

«ወንድሜ፣ ይሄ ቁጥር ተሳስቶ ነው?»

«አይ የኔ እህት፣ ራስሽን እኮ ነው የምትሆኚው! ካራክተር አታጠኚ፣ ልብስ አናሰፋልሽ። ምን ትወና አለው?»

ዳይሬክተራችን ደግሞ ያስታረቀ መስሎት የሮበርት አልትማንን «ዘ ፕሌየር» አነሳ። በ1992 እ.ኤ.አ. ሆሊውድ በራሱ ላይ ሲሳለቅ ስንቱ ዝነኛ ራሱን ሆኖ ገብቷል፣ ጁሊያ ሮበርትስ እንኳን አልቀረችም ምናምን።

«ጁሊያ ሮበርትስ ሜክሲኮ ታክሲ ሰልፍ አትቆምማ!» አለች። ከዚያ ወደ ፕሮዲዩሰሩ ዞረች። «ሌላ ሰው ስሆን ዊጉን አውልቄ እሄዳለሁ። ይቺን ግን ይዣት ነው ቤቴ የምገባው። ነገ ሰፈር ለቅሶ ስደርስ ‹ሰልፊውስ?› የምባለው እኔ ነኝ። ካልሆነ ሌላ ተዋናይት አምጣና ሙሉውን ክፈላት፣ እኔን ትጫወት።»

ሜካፕ የምትሠራው ልጅ ስትስቅ ኩሉ ጉንጯ ላይ ተሰመረ።

ፕሮዲዩሰሩም ሳቀ። «ይሄ ፊልሙ ውስጥ ይግባ!»

«ይግባ። የድርሰት ክፍያው ለብቻው ነው።»

በቀደመው ዋጋ ተፈራረሙ፤ የድርሰቷም ትንሽ ተጨመረላት። ምርቃቱ ቀን አዳራሹን ከሁሉ በላይ ያሳቀችው ያቺ ቦታ ነበረች። ሰውዬው ፊት ወንበር ላይ ተቀምጦ «የኔ ሐሳብ ናት» ሲል በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

እውነቱን ለመናገር፣ ያሸነፈው ንግግሯ ብቻ አይመስለኝም። ውጭ ጀነሬተር ተነስቷል፣ የካሜራው ኪራይ ይቆጥራል፣ ግማሽ ፊቷ ተቀብቷል። በዚያ ሰዓት ማን ሌላ ሰው ፍለጋ ይሄዳል?

እኔ ቀሪ ክፍያዬን የጠየቅኩት ቀረጻው አልቆ፣ ጀነሬተሩም ለባለቤቱ ከተመለሰ በኋላ ነው። የሷን ክርክር ቃል በቃል ደገምኩለት። ከልቡ ሳቀ። «ነገ ደውልልኝ» ብሎኛል።