ባሕሩ ላይ አንድ ስንዝር

የጀልባው ሞተር ጣና መሐል ላይ ሁለት ጊዜ ጠፋ። በሁለተኛው ባለጀልባው እጁን በሱሪው ጠረገና ቁጭ ብሎ፣ «ምን አስቸኮለህ? መጽሐፉ እንደሆነ የትም አይሄድብህ» አለኝ። የምሄደው ዘመንን እንደ አገር ሥሎ የያዘ ብራና አለ ሲሉ ሰምቼ ነው። የገዳሙን ስም አልጽፍም፤ የብራና ሌባ ስለበዛ ያሳዩኝ ቃል አስገብተው ነው። ጊዜው ታኅሣሥ 2018 ነበር።

የኔታ መጽሐፉን በቆዳ ማኅደሩ በትከሻቸው አንግተው ከዕቃ ቤት ወጡ። እጄን አስታጠቡኝ፣ ስልኬንም ለተማሪያቸው አስረከብኩ። መጽሐፉ ትንሽ ነው፤ ገበታው አንድ ጥጉ ላይ ተሰንጥቆ በጅማት ተሰፍቷል። መጨረሻው ላይ ግን አራት ላይ የታጠፈ ሰፊ ቅጠል አለ። ሲዘረጋ የፍየሉ ቆዳ ዳር ዳሩን እንደ ደረቀ እንጀራ ተቆልምሟል፤ መሐሉ ላይ ወርዱ አንድ ክንድ የሚሆን ክብ፣ በውስጡም ክብ፣ በዚያም ውስጥ ሌላ ክብ።

እውነት ለመናገር ቅር አለኝ። ተራራና ወንዝ ነበር የጠበቅሁት።

«ቁጠር» አሉኝ። ሰባት ናቸው። እያንዳንዱ ክብ ዐውድ፣ የዘመን ዙር ማለት ነው፤ ከውስጥ ወደ ውጭ ዐውደ ዕለት፣ ዐውደ ወርኅ፣ ዐውደ ዓመት፤ ቀጥሎ 28 ዓመት የሚዞረው ዐውደ ፀሐይ፣ ፀሐይና ጨረቃ በ19 ዓመት የሚገጥሙበት ዐውደ አበቅቴ፣ 76 ዓመት የሚፈጀው ዐውደ ማኅተም። ዳር ላይ ዐውደ ቀመር፣ ለየዓመቱ አንድ፣ 532 ጭረት። ባሕረ ሐሳብ ነው እንግዲህ፤ ትውፊቱ ለእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ የሚሰጠው ያው የበዓላት ቀመር። ግን እንዲህ ክብ በክብ ሆኖ አይቼው አላውቅም ነበር።

ያን ጊዜ ነው የቃላቱ ነገር የገባኝ። በትምህርቱ ውስጥ ካሉት ስሞች ስንቱ የቦታ ነው! ዐውዱ በሬ ከሚዞርበት አውድማ ጋር አንድ ዘር ነው፤ የዓመቱ ስሌት ወንበር አለው፤ የጾምና የበዓላት ቀን የሚወጣበትን ቁጥር መባጃ ሐመር ስንል፣ ሐመር በግእዝ መርከብ ነው። ሁሉም ደግሞ ባሕር ላይ። ስንት ዓመት በቃሌ ስለው የኖርኩትን አንድ ቀን እንኳ ልብ አላልኩትም።

የኔታ እርሳስ አልያዙም። በጣታቸው አንጓ ነበር የሚያሰሉት። «ከአዳም እስከ ክርስቶስ 5500 ነው፤ 2018 ጨምርበት፤ 7518። ለ19 እያካፈልህ ግደፈው፤ 13 ተረፈ። አሐደ አእትት ለዘመን፣ አንዱን ለዘመኑ ቀንስ፤ ወንበሩ 12።» ወንበሩን በ11 አባዝተው በ30 ሲገድፉት አበቅቴ 12፣ በ19 አባዝተው ሲገድፉት መጥቅዕ 18። ሁለቱ ተደምረው ሁልጊዜ 30 ይሆናሉ፤ ካልሆኑ ተሳስተሃል ማለት ነው። መጥቅዕ የዋለበት መስከረም 18 እሑድ ስለሆነ የዕለቱ ጭማሪ፣ ተውሳኩ፣ 7፤ ከ18 ጋር ተደምሮ መባጃ ሐመሩ 25። «ነነዌ ጥር 25፣ ፋሲካ ሚያዝያ 4» ብለው ጣታቸውን ውጨኛው ክብ ላይ አሳረፉ። 7518 በ532 ሲገደፍ 70 ይተርፋልና፣ ሰባኛው ጭረት ላይ።

«ከዚሁ ጭረት ላይ አንድ ጊዜ ቆመን ነበር» አሉኝ። ከ2018 ላይ 532 ቢቀነስ 1486 ይመጣል፤ ዐፄ እስክንድር በዙፋን የነበሩበት ዘመን። ያን ዓመትም ፋሲካ ሚያዝያ 4 ውሏል።

ከሰባኛው ትንሽ አለፍ ብሎ፣ ከጭረቱ ጥግ፣ በቀጭን ብዕር «አንበጣ» ተብሎ ተጽፏል። ሌላም ቦታ «ብድብድ»፣ ቸነፈር ማለት ነው፣ ይላል፤ አንዱን የሰም ጠብታ ሸፍኖታል። ደንገጥ ብዬ፣

«የኔታ፣ ይሄ እንግዲህ ከጥቂት ዓመት በኋላ ሊመጣ ነው?» ስል ጠየቅኋቸው።

«ቁጥሩ ይመለሳል ተባለ እንጂ አንበጣው ይመለሳል ማን አለህ?» ብለው ሳቁብኝ። እኔ ግን መንገደኛ ለሚከተለው መንገደኛ ምልክት የተወ መሰለኝ፤ አሁንም ይመስለኛል።

የተወለድኩበትን ዓመት ጠየቁኝ። 1975 አልኩ። 27ኛው ጭረት። ከዚያ እስከ ዛሬ ግማሽ ስንዝር ቢሆን ነው። እሳቸው የተወለዱት በ1949 ነው፤ የአሁኑ ቀመር በገባበት፣ የመጀመሪያው ጭረት ላይ። አውራ ጣታቸውን እዚያ ተክለው መዳፋቸውን ዘረጉ፤ ትንሿ ጣታቸው ሰባኛው ላይ ልትደርስ ምንም አልቀራት። እጃቸው ትንሽ ይንቀጠቀጥ ነበር። እንደዚያው አድርገው ቆዩና፣ ምንም ሳይሉ ቅጠሉን በእጥፋቱ መልሰው ማኅደሩን ዘጉ።

ስመለስ ሞተሩ አላስቸገረም። ባለጀልባው «እና፣ ጾሙ መቼ ይገባል አሉህ?» ብሎ ጠየቀኝ።

«ነነዌ ጥር 25፣ ዐቢይ ጾም የካቲት 9» አልኩት፣ እንደ ሊቅ ደረቴን ነፍቼ።

«እሱማ ቤት ካላንደሩ ላይ አለ» አለ።