ከምሽቱ አንድ ሰዓት፣ ባንኮክ

የባንኮክ ባጃጅ ከሐዋሳዋና ከባሕር ዳሯ ጋር የሥጋ ዝምድና የላትም። የእኛዋ ከሕንድ መጣች፤ የታይላንዷ ደግሞ ዘሯ የሚመዘዘው ከጃፓን ባለ ሦስት እግር የጭነት ተሽከርካሪ ነው። ቱክ ቱክ ይሏታል። በር የላትም፣ መስኮት የላትም። ጣሪያዋ ዝቅ ያለ ስለሆነ የኋላ ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው የቤተ መቅደስ ጫፍ ለማየት ጎንበስ ማለት አለበት፤ ሞተሯ ደግሞ አጠገብ ለአጠገብ የተቀመጡ ሰዎችን እንኳ አያነጋግርም። አምስት ቱክ ቱኮች ሰማያዊና ሐምራዊ መብራታቸውን አብርተው ተደርድረው ጠበቁን። የኔ ነጂ መስታወቱ ላይ ትኩስ የጃስሚን ጉንጉን አንጠልጥሏል። ለጌጥ አይደለም፤ ለተሽከርካሪው ጠባቂ መንፈስ የሚቀርብ ነው። እኛ ሀገር በዚያው ቦታ የቅዱስ ገብርኤል ሥዕል ይንጠለጠላልና ነገሩን ለመረዳት አስተርጓሚ አላስፈለገኝም።

ባንኮክ የሄድኩት አክስቴን ለማሳከም ነው። ከአዲስ አበባ ወደዚህች ከተማ ከሚበሩት ወገኖቻችን ብዙዎቹ የሚመጡት ለሕክምና ስለሆነ፣ የሚያውቋት ባንኮክ ሆስፒታሉ፣ ሆቴሉና በመካከላቸው ያለው የገበያ አዳራሽ ናት። እኔም ከዚህ የተለየ ነገር ሳላይ ልመለስ ስል አክስቴ ተቆጡ። «ቁጭ ብለህ ስላየኸኝ አልድንም፤ ውጣና ከተማውን እይ» አሉኝ። ቀን መውጣት ከባድ ነው፤ በኅዳር እንኳ ሙቀቱ ልብስን ከሰውነት ጋር ያጣብቃል። ስለዚህ የማታ ጉብኝት መረጥኩ። ደረሰኙ ላይ ዓመተ ምሕረቱ 2567 ይላል። ታይላንዳውያን የሚቆጥሩት በቡድሃ ዘመን ስለሆነ ከአውሮፓውያኑ 543 ዓመት ይቀድማሉ። እኛ 2017 ላይ ነበርን። ልዩነታችን 550 ዓመት ነው፤ በመካከላችን የተቀመጠው ፈረንጅ ለሁለታችንም አይስማማም።

አስጎብኚያችን ሠላሳዎቹን ያጋመሰች፣ የፈቃድ ካርዷን አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች ሴት ናት። በታይላንድ የአስጎብኚነት ሥራ በሕግ ለዜጎች ብቻ የተከለለ ነው። እውነቱን ለመናገር አስጎብኚ አልወድም፤ አብዛኞቹ ታሪኩን ትተው ተረቱን ይነግሩሃል። የዚህች ግን የመጀመሪያ ንግግሯ ጥሩ ነበር። «በቤተ መንግሥቱ በር ላይ አንድ መልካም ሰው ቀርቦ ዛሬ ዝግ ነው ካላችሁ አትመኑት» አለች። ያ መልካም ሰው ባጃጅ ያቀርብልሃል፣ ባጃጁ ደግሞ ወደ ከበረ ድንጋይ መሸጫ ይወስድሃል፣ ከዚያ ባዶ ኪስህን ይዘህ ትወጣለህ። ቀጥላ ነጂዎቹን በታይኛ አዘዘቻቸውና ሁለት ጣቷን አሳየቻቸው። ቀጥሎ የምንገናኝበት ሰዓት ግን በፈረንጅ አቆጣጠር 8 ሰዓት ነበር። ምን ማለቷ እንደሆነ ስጠይቃት፣ ታይላንዳውያን በዕለት ተዕለት ንግግራቸው የማታውን ሰዓት የሚቆጥሩት ከ6 ጀምረው እንደሆነ ነገረችኝ። 7 ሰዓት አንድ ነው፣ 8 ሰዓት ሁለት፣ 11 ሰዓት አምስት። የእኛ የምሽት ሰዓት ነው፣ አንዲት ደቂቃ ሳይዛነፍ! እኛም እንዲሁ እንደምንቆጥር ስነግራት ለማመን ተቸገረች። ስታምን ደግሞ ነጂዎቹን ጠርታ ነገረቻቸው፤ ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ የኔ ነጂ በየማረፊያው ሰዓቱን በጣቱ ያሳየኝ ነበር። ሌሎቹ ጎብኚዎች ሲያሰሉ እኔ ቀድሜ እገኝ ነበር።

መጀመሪያ ያለፍነው በሰፊው ራቻዳምኖን ጎዳና ነው። መካከሉ ላይ የዴሞክራሲ ሐውልት ቆሟል፤ አራት ክንፎች፣ ከእግራቸው ሥር መብራት። የቆመው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የ1932ቱን ለውጥ ለማስታወስ ነው፤ በዚያ ዓመት ፍጹማዊው ዘውዳዊ አገዛዝ በሕገ መንግሥት ተገደበ። በጥቅምት 1973 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ደግሞ ተማሪዎች እዚህ ጎዳና ላይ ወጥተው በርካቶች ተገደሉ፤ የጦር አገዛዙ መሪ ታኖም ኪቲካቾን ሀገር ጥሎ ወጣ። ቀኑን ስሰማ የአዲስ አበባ ተማሪዎችና የየካቲቱ አብዮት ትዝ አሉኝ። በሁለቱ መካከል ወራት ብቻ ናቸው። አስጎብኚያችን ይህን በሁለት ዓረፍተ ነገር ጨረሰችውና ስለ ምግብ ማውራት ጀመረች። ንጉሣዊ ቤተሰብን መዝለፍ ለዓመታት በሚያሳስርበት ሀገር ሰው በታሪክ ላይ አጭር ቢናገር አይፈረድበትም። «ቅኝ ያልተገዛን ሕዝብ ነን» ስትል ግን ድምፅዋን ከፍ አደረገች። ይህን ዓረፍተ ነገር እኛም አሳምረን እናውቀዋለን፤ ከኋላው ምን ምን እንደሚደበቅም እናውቃለን።

በማሃቻይ መንገድ በአንድ ጠባብ ምግብ ቤት በር ላይ የተኮለኮለ ሰው አየን። ጄ ፋይ የሚባሉት አዛውንት ሴት በከሰል እሳት ላይ፣ ዓይናቸውን ከዘይት ፍንጣሪ ለመጠበቅ የበረዶ ሸርታቴ መነጽር አድርገው የሚያበስሉበት ነው። ለምርጥ ምግብ ቤቶች የሚሰጠውን የሚሽሊን ኮከብ ካገኙ ወዲህ የሸርጣን ኦምሌታቸው ዋጋ በታይላንድ ገንዘብ ከ1000 ባት ያልፋል። አልቆምንም።

ዋት ፖ በሚባለው የቡድሃ ቤተ መቅደስ ላይ ቅሬታ አለኝ። በውስጡ 46 ሜትር ርዝመትና 15 ሜትር ቁመት ያለው ጋደም ያለ ቡድሃ አለ፤ በወርቅ የተለበጠ፣ የእግሩ መዳፍ በሚያብለጨልጭ የዛጎል ቅርፊት ያጌጠ። የጉብኝቱ ማስታወቂያ ላይ የተለጠፈው ፎቶ ይኸው ነው። አዳራሹ ግን ማታ ይዘጋል፤ ጉብኝቱን የሚሸጡት ሰዎች ይህን አይናገሩም። የተከፈተልን ቅጥሩ ብቻ ነበር። ቅጥሩ ግን ካሰናል። ቀን ቀን በጎብኚ የሚጥለቀለቀው ግቢ ባዶ ነው፤ ድመቶች በሞቀው ድንጋይ ላይ ተዘርግተው ተኝተዋል። የአራት ነገሥታት መታሰቢያ የሆኑት አራት ሾጣጣ ሕንጻዎች አረንጓዴ፣ ነጭ፣ ቢጫና ሰማያዊ ሸክላ ለብሰው ቆመዋል። በሮቹን የሚጠብቁት ደግሞ ከቻይና የመጡ የድንጋይ ሐውልቶች ናቸው። ሩዝ አድርሰው ባዶ የሚመለሱት መርከቦች ማዕበል እንዳይገለብጣቸው ለክብደት የጫኗቸው ናቸው ይባላል። ከመካከላቸው የፈረንጅ ረጅም ባርኔጣ የደፉ አሉ። ቅኝ ያልገዛውን ፈረንጅ በረኛ አድርገው ማቆማቸውን ወደድኩላቸው።

ከወንዙ ማዶ ዋት አሩን የሚባለው ቤተ መቅደስ ይታያል። በፎቶ ላይ ወርቅ ይመስላል እንጂ ቀረብ ብሎ ላየው በተሰባበረ የቻይና ሳህንና ሸክላ የተለበጠ ነው፤ አበባዎቹ ሁሉ የሳህን ስብርባሪ ናቸው። የቆመው በቶንቡሪ በኩል ነው። ንጉሥ ታክሲን መናገሻቸውን ያደረጉት በዚያ ዳርቻ ነበር፤ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1782 ንጉሥ ቀዳማዊ ራማ ወንዙን ተሻግረው ባንኮክን ቆረቆሩ። ጎብኚዎቹ ሁሉ ስልካቸውን አወጡ። እኔ በጨለማው ውስጥ አሸዋ የጫኑ ጀልባዎችን እየጎተተ የሚያልፈውን ትንሽ ሞተር ጀልባ ሳይ ቆየሁ።

ለእኔ የምሽቱ ዋና ነገር የፓክ ክሎንግ ታላት የአበባ ገበያ ነው። ሃያ አራት ሰዓት ክፍት ቢሆንም የሚደምቀው ሌላው ከተማ ሲተኛ ነው፤ ከየአውራጃው የሚመጣው የአበባ ጭነት የሚራገፈው ያኔ ነው። ኦርኪዱ በእቅፍ በእቅፍ፣ ብርቱካንማው ማሪጎልድ በላስቲክ ከረጢት፣ የሎተስ እምቡጥ በጋዜጣ ተጠቅልሎ። ተሸካሚዎች ጋሪ እየገፉ «ዞር በሉ» እያሉ ይጮኻሉ፤ ለጎብኚ ብሎ ፍጥነቱን የሚቀንስ የለም፣ ትክክልም ናቸው።

አንዲት አሮጊት ዝቅተኛ የላስቲክ ወንበር ላይ ተቀምጠው የጃስሚን ጉንጉን ሲሠሩ አጠገባቸው ቆምኩ። በእጃቸው ክንድ የሚያህል ቀጭን የብረት መርፌ ይዘዋል። እንዲያንሸራትት ቫዝሊን ይቀቡታል። ከፊታቸው ባለው ሳህን ላይ የተደቀቀ በረዶ አለ፤ በበረዶው ላይ የጃስሚን እምቡጥ፣ እያንዳንዱ ከጥፍር ያልበለጠ። እምቡጡን በጭራው በኩል ይወጉታል፣ ሌላውን ከጎኑ፣ ሌላውን ከጎኑ፤ ክብ ሲሞላ ቀጣዩን ረድፍ በክፍተቶቹ መካከል ይጀምራሉ። መርፌው ሲሞላ ሁሉንም በአንድ ጊዜ ወደ ክሩ ያንሸራትቱታል። እጃቸውን አያዩም፤ የሚያዩት ጎረቤታቸው የከፈተችውን ቴሌቪዥን ነው። በረዶው እምቡጡ እስከ ንጋት እንዳይፈነዳ የሚጠብቅ ነው። የፈካ ጃስሚን ለጉንጉን አይሆንም፤ ገዢው ደግሞ ጠዋት በየቤቱና በየሱቁ ደጃፍ ላለው የመንፈስ ቤትና ለቡድሃ የሚያቀርብ ሰው ነው። ከቡድናችን አንዱ አጎንብሶ ሊያሸት ሲል አስጎብኚያችን እጇን ዘረጋችበት። ለመባ የሚቀርብ አበባ አይሸተትም፤ የመጀመሪያው መዓዛ የሰው አይደለም። እኔ ይህን ስሰማ በቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ጧፍ የሚሸጡትን እናቶች አሰብኩ።

አንዱን ጉንጉን በ20 ባት ገዛሁ። ኢትዮጵያ በአፍሪካ ከኬንያ ቀጥላ አበባ ላኪ ናት፤ የሆለታና የዝዋይ ጽጌረዳ ከማቀዝቀዣ ክፍል ወደ አውሮፕላን ሲገባ እንጂ በአዲስ አበባ ሰው እጅ ላይ በየማለዳው አናየውም። እኛ ለውጭ ምንዛሪ የምናመርተውን እነዚህ ለዕለት ኑሯቸው ይገዙታል። በዚህ ቀናሁ።

ያዋራት ስንደርስ ነጂዬ አራት ጣቱን አሳየኝ። የቻይኖች ሰፈር ነው። በ1782 ቤተ መንግሥቱ ሲሠራ በቦታው ይኖሩ የነበሩ ቻይናውያን ነጋዴዎች ተነሥተው ወደ ሳምፔንግ ተዛወሩ፤ ከመቶ ዓመት በኋላ በንጉሥ ቹላሎንኮን ዘመን ይህ አንድ ኪሎ ሜትር ተኩል የሚሆን መንገድ ተቀየሰ። ቀን የወርቅ ገበያ ነው። የወርቁ መለኪያም እንደ ገንዘቡ ባት ይባላል፤ አንዱ ባት ወርቅ ከ15 ግራም ጥቂት ይበልጣል። ማታ ቀያዮቹ የወርቅ ቤቶች ሲዘጉ ደጃፋቸውን ምግብ ሻጮች ይረከቡታል፤ ሰኞ ብዙዎቹ ስለሚያርፉ በሌላ ቀን መምጣት ይሻላል። የኒዮኑ መብራት የመንገዱን ሁለት ዳር በቻይንኛ ጽሑፍ ሞልቶታል።

ችግሩ ዕለቱ ረቡዕ መሆኑ ነው። የመጀመሪያው ድስት የአሳማ አንጀት፣ ሁለተኛው የአሳማ እግር፣ ሦስተኛው እንቁላል። አስጎብኚያችን ሁኔታዬን ስነግራት ምንም ሳትገረም ቀይ ጽሑፍ ያለበት ቢጫ ባንዲራ ወደ ሰቀለ ጋሪ ወሰደችኝ። በቻይናውያኑ ዘጠነኛ የጨረቃ ወር፣ ብዙውን ጊዜ በጥቅምት ግድም፣ ዘጠኝ ቀን የሚጾሙት ጾም አላቸው፤ ያ ባንዲራ ያለበት ቤት ሥጋ፣ ወተትና እንቁላል የለውም። ነጭ ሽንኩርትና ቀይ ሽንኩርት እንኳ ክልክል ነው። ሽንኩርት የሌለው የጾም ወጥ! በዚህስ እኛ እንሻላለን። ከሌላ ጋሪ ደግሞ በኮኮናት ወተት የራሰ ሩዝ ከማንጎ ጋር በላሁ፤ ምንም አልጎደለውም። ኑድሉን ግን ተውኩት፤ የዓሣ መረቅ አለበት፣ ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር ደግሞ ባንኮክ ድረስ ተሸክሜ መምጣት አልፈለግሁም።

ጉብኝቱ ሲያልቅ ሌሎቹ ወደ ሆቴላቸው ገቡ። እኔ ሱኩምቪት ሦስተኛው ጎዳና አካባቢ፣ የዓረብ ሰፈር ወደሚባለው ወረድኩ። የኢትዮጵያ ምግብ ቤቶች ያሉት እዚያ ነው፤ ታካሚ የሚያስታምም ሐበሻ ማታ ማታ ይሰበሰብባቸዋል። ባለቤቲቱ ገና ሳልቀመጥ ስንት እንዳስከፈሉኝ ጠየቁኝ፤ ነገርኳቸው፤ ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ጥብስ ላምጣልህ?»

«እትዬ፣ ረቡዕ አይደል እንዴ?»

«ሰዓትህን እየው እንጂ ልጄ፤ ስድስት ሰዓት አለፈ፣ ሐሙስ ገብቷል።»

ጥግ ላይ አባቱን ሊያሳክም የመጣ ጎልማሳ ተቀምጧል። ከስልኩ ቀና ብሎ፣ «አዲስ አበባ ገና ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። እኛ የምንጾመው በሀገራችን ሰዓት ነው» አለ።

«ጨጓራችሁ ያለው የት ነው? እዚያ ወይስ እዚህ?» አሉ ባለቤቲቱ።

ክርክሩ ቀጠለ። አንዱ ስለ አውሮፕላን ውስጥ ጾም አነሣ፤ ሌላው አንድ ቄስ ስልክ ደውሎ ለመጠየቅ ፈለገ። እኔ ሽሮ አዘዝኩ። የሀገሩን ሰዓት የጠበቀው ጎልማሳ ጥብስ አዘዘ።