ቀኑን ቀድሜ ባሰላው ኖሮ

ማንም ስላላስጠነቀቀኝ ነው ይህን የምጽፈው።

አምና በማኅበራችን የዓድዋ በዓል ላይ ስለ አንድ የድሮ የብሮድዌይ ሙዚቃዊ ቲያትር ላወራ፣ አንድ ዘፈንም ላዘፍን ቃል ገባሁ። ስሙ «አቢሲኒያ» ነው። በፈረንጆች 1906 ኒውዮርክ፣ ማጀስቲክ ቲያትር ተከፈተና 31 ጊዜ ታይቶ ወረደ። የሠሩት ጥቁሮች ናቸው። ዋናዎቹ ተዋንያን በርት ዊሊያምስና ጆርጅ ዎከር፣ ድርሰቱ የጄሲ ሺፕ፣ ግጥሙ የአሌክስ ሮጀርስ፣ ዜማው የዊል ማሪዮን ኩክና የዊሊያምስ።

ከካንሳስ የተነሱ፣ ሎተሪ የወጣላቸው ጥቁሮች ሀበሻ አገር ይሄዳሉ። የዊሊያምስ ገጸ ባሕርይ በስርቆት ተከሶ ምኒልክ ፊት ይቀርባል። ፍርዱ የሚነገረው በደወል ነው። ሦስት ጊዜ ከተመታ እጁ ይቆረጣል፣ አራት ከሆነ ነፃ ይወጣል። ሰውዬው ቃል ሳይተነፍስ፣ በፊቱ ብቻ ደወሉን ሲቆጥር ይታያችሁ! ደስ የሚለው ደግሞ ሀበሾቹ ክብር ባለው እንግሊዝኛ ይናገራሉ፤ የሚሳቅባቸው እንግዶቹ ናቸው።

መረጃ ፍለጋው ቀላል ነበር። የድሮ ጋዜጦች ላይ «ኢትዮጵያ» ብላችሁ አትድከሙ፣ «አቢሲኒያ» በሉ። በቃ።

የከፋው ኖታው፣ የዜማው ጽሑፍ፣ ነው። ስሙን የማልጠራው አንድ ተቋም ቅጂ እንዲሰጠኝ ፎርም ሞላሁ። ከሦስት ሳምንት በኋላ «የወራሾችን የፈቃድ ደብዳቤ አምጣ» የሚል መልስ መጣ። የማን ወራሾች? ደወልኩ። ሠራተኛዋ «ደንቡ ነው» አለችኝ። ሌላ ቀን ደወልኩ፣ ሌላ ሰው አነሳ፣ ያው «ደንቡ ነው»። ጅሉ እኔ ደግሞ ሳልጠይቅ፣ ሳላጣራ፣ የሙታን ዘር ፍለጋ ወጣሁ። አምስት ወር! ለማላውቃቸው ሰዎች ደብዳቤ ጻፍኩ። አንዱ በትሕትና «ተሳስተዋል» ብሎ መለሰልኝ። ሌሎቹ ዝም።

በመጨረሻ ፒያኖ የሚጫወት አንድ ልጅ ሳቀብኝ። ያን ያህል ዘመን በፊት አሜሪካ ውስጥ የታተመ ኖታ የባለቤትነት መብቱ ካበቃ ቆይቷል፤ ማንንም ማስፈቀድ አያስፈልግም። ስልኩን አወጣና ከአንድ ቤተ መጻሕፍት ድረ ገጽ በነፃ አወረደው። ሻዬ እንኳን አልቀዘቀዘም። ስለዚህ ቢሮ «ፈቃድ አምጣ» ሲላችሁ መጀመሪያ ሕጉን እዩ። እኔ የቢሮ ቃል የማምንበት ዘመን አልፏል።

በዓሉ ሊደርስ ስድስት ቀን ቀርቶት ነበር። ዘፋኝ አላገኘሁም። ከወረቀት አሥር ደቂቃ አነበብኩ፣ ሰው አጨበጨበ፣ ወደ ምግቡ ሄደ።

ዋናው ቁጭት የመጣው ማታ ነው። የመክፈቻውን ቀን፣ ፌብሩዋሪ 20 ቀን 1906ን፣ ወደ እኛ ቀመር ለወጥኩት። የካቲት 13 ቀን 1898! ዓድዋ የካቲት 23 ቀን 1888 ነው። ቲያትሩ እስከ ማርች 17 ቆይቷል። የድሉ አሥረኛ ዓመት የዋለው እዚያው መካከል፣ ዓርብ ማርች 2 ነው። ምኒልክ በሕይወት አዲስ አበባ፣ ምኒልክን የሚጫወተው ጥቁር ተዋናይ ደግሞ ኒውዮርክ።

ይህን እኮ አዳራሹ ውስጥ መናገር ነበረብኝ! ስድስት ወር ቀኑ ፊቴ ተቀምጦ፣ ማስላት የሁለት ደቂቃ ሥራ ነበር።

ባለቤቴን ቀሰቀስኳትና ነገርኳት።

«ታዲያ ለከርሞ ትነግራቸዋለህ» ብላ ብርድ ልብሷን ሳበች።