መጀመሪያ ሰዓቱን እዩ

አንድ ማክሰኞ፣ ታኅሣሥ ላይ፣ ከቀኑ 8 ሰዓት እንዳለፈ ስልኬ ጮኸ። ትልቁ የስብሰባ ክፍል ከናይሮቢ ጋር በቪዲዮ እያወራ ሳለ የመሣሪያው ስክሪን ጥቁር ብሏል። ደረጃውን ሮጬ ስወጣ ነጭ መስመር እየሞላ ነው፤ 43 ከመቶ። ከሥሩ እንዳታጠፉ የሚል ማስጠንቀቂያ። የዳይሬክተራችን እጅ ሶኬቱ ላይ ነው።

«ነቅለን ብንሰካውስ?»

«እባክዎ፣ እንዳይነኩት!» ጮክ አልኩ መሰለኝ፣ ሁሉም ዞሮ አየኝ።

መሣሪያው ራሱን እያሻሻለ ነበር። ፈርምዌር፣ ማለትም መሣሪያውን ከውስጥ የሚያሠራው ሶፍትዌር፣ እየተጻፈ ሳለ ኃይል ከተቋረጠ አሮጌውም አዲሱም የሌለው ዕቃ ታቅፎ መቅረት አለ። አንዳንዱ መሣሪያ አዲሱን ለብቻው ቦታ ላይ ጽፎ ሲጨርስ ነው የሚሻገረው፣ ከከሸፈበትም ወደ ድሮው ይመለሳል። የእኛ ከየትኛው ወገን እንደሆነ ግን ሶኬት ነቅዬ ልፈትን አልደፈርኩም። ስብሰባው በላፕቶፕ ቀጠለ።

ጥፋቱ የእኔ ነው። አውቶማቲክ ማሻሻያውን ለሌሊት 9 ሰዓት፣ በፈረንጅ 3፡00፣ ሞልቼዋለሁ። መሣሪያው ግን ከካርቶኑ የወጣው የሎስ አንጀለስን ሰዓት ይዞ ነበር። እዚያ ሌሊት 3፡00 ሲሆን፣ በክረምታቸው፣ እኛ ጋ ከቀኑ 8 ሰዓት ነው። የሚገርመው፣ ስክሪኑ ጥግ ላይ ያ የተሳሳተ ሰዓት ለወራት ሲታይ ማንም ትንፍሽ አላለም። ስድስት ሰዓት መደመርና መቀነስ ለምደን የለ፣ የማይገጥም ሰዓት አይቆረቁረንም።

አሁን ሁሉንም አዲስ አበባ ላይ አድርጌ አውቶማቲኩን አጥፍቼዋለሁ። ቅዳሜ ራሴ እሠራለሁ፤ መጀመሪያ ትንሿን ክፍል፣ ሳምንት ካየኋት በኋላ ሌሎቹን። በጣም ያረጀ ቨርዥን ላይ ካሉ በቀጥታ አይዘለልም፣ መካከለኛውን አስቀድሙ የሚል አለና ከአዲሱ ቨርዥን ጋር የሚመጣውን ማስታወሻ አነባለሁ፤ ሴቲንጉንም ባካፕ እወስዳለሁ። መብራት ሄዶ ጄኔሬተር እስኪነሳ ያሉት ሰከንዶች ሥራውን ለማቋረጥ ስለሚበቁ ዋናው መሣሪያ ዩፒኤስ ላይ፣ መብራት ሲሄድ በባትሪ በሚይዘው ላይ፣ ነው። ጠረጴዛው ላይ ያለው፣ በጣት እየነካን የምናዝበት ፓነል ግን ኃይሉን የሚያገኘው በኔትወርክ ገመዱ፣ ገመዶቹ ከሚገናኙበት ሳጥን ከስዊቹ ነው። ስዊቹን ስፈልገው ከውሃ ማሞቂያው ጋር አንድ ኤክስቴንሽን ተጋርቶ አገኘሁት።

ሲያልቅ መብራቱ በራ ብዬ አልሄድም፤ ደውዬ ማይኩን፣ ካሜራውን፣ ላፕቶፕ የሚሰካበትን ገመድ እሞክራለሁ።

ቅዳሜ ጠዋት ደግሞ ጥበቃው ጋሼ ጄኔሬተሩን የሚሞክሩበት ነው። ሳልጀምር እደውልላቸዋለሁ።

«ዛሬም ያ ነገርህ አለ?»

«አለ ጋሼ፣ እስከ 6 ሰዓት እንዳያስነሱብኝ።»