የጋሼ እርሳስ

ትናንት እሁድ የኮንዶሚኒየማችን ነዋሪዎች ስብሰባ ነበር። ቱሉ ዲምቱ፣ ብሎኩ ሥር፣ ፕላስቲክ ወንበር ደርድረን። ጸሐፊዋ ስላልመጣች ስለ ውሃ ፈረቃ የተጻፈውን ማስታወቂያ አጎቴ እንዲያነቡልን ተለመኑ። ጋሼ ወረቀቱን ተቀበሉ፣ ግን ወዲያው አላነበቡም። ከኮታቸው ኪስ እርሳስ አውጥተው "አንድ ደቂቃ ስጡኝ" አሉና ፊደሎቹ አናት ላይ ነጥብ ነጥብ ማድረግ ጀመሩ።

ሰው ግራ ገባው። እኔ ግን ዓይኔ እንባ አቀረረ።

ጋሼ ጡረታ ወጥተው እኛ ጋ ሳይመጡ በፊት ባሕር ዳር፣ የክልሉ ቴሌቪዥን ላይ 22 ዓመት ዜና አንብበዋል። ሲጀምሩ ጣቢያው እንደ ዛሬ ቀኑን ሙሉ አይሠራም፤ በብሔራዊው ቴሌቪዥን ላይ በሚሰጠው አጭር ሰዓት ነበር የሚታየው። እማዬ ያቺን ሰዓት ጠብቃ ቡናዋን ታፈላ ነበር። በ2012 ሰፈሩ ሁሉ ዲሹን ወደ ኢትዮሳት ሲያዞር እሷም "ወንድሜ እንዳይጠፋብኝ" ብላ ሠራተኛውን ጣሪያ ላይ ያቆመችው አይረሳኝም።

የነጥቡ ነገር እንዲህ ነው። ፊደላችን የሚጠብቀውንና የሚላላውን ለይቶ አያሳይም። "ዋና" ላልቶ ከተነበበ ወንዝ ውስጥ ነው፣ ጠብቆ ከተነበበ ደግሞ ዋናው ጉዳይ። "ገና" ላልቶ "ገና አልመጣም" እንደምንለው ነው፣ ጠብቆ በዓል ነው። ቤቱ የሚያነብ ሰው ቢሳሳት መለስ ብሎ ያነበዋል፣ ቀጥታ ስርጭት ላይ ግን እንደዚያ አይቻልም። ስለዚህ ጋሼ ዜናው ሲደርሳቸው የሚጠብቀው ፊደል ላይ ሁሉ ነጥብ ያስቀምጣሉ፣ ጽሑፉን ካሜራው ጋ በስክሪን የሚያሳየው ፕሮምፕተር ከመጣ በኋላ እንኳ ነጥብ ያለበትን ወረቀት ከእጃቸው አልለዩትም። የማያውቁት ቀበሌ ስም ከመጣ ደግሞ የዚያን አገር ሰው ፈልገው ስልክ ይደውላሉ። የሰው አገር ስም አጣሞ መጥራት ነውር ነው ይላሉ፣ እውነታቸውን ነው።

አንድ ጊዜ የነገሩኝን ልጻፈው። የመኪና አደጋ ዜና ነው፣ የሟቾቹ ስም ሁሉ ተዘርዝሮ መጣላቸው። "ቤተሰብ ተረድቷል ወይ?" ብለው ጠየቁ። የሚያውቅ የለም። እኛ አገር መርዶ ዘመድ ተሰብስቦ፣ ማልዶ፣ በር ተንኳኩቶ ነው የሚነገረው፤ ስሙ ከተነበበ ግን እናት ራት እያቀረበች የልጇን ስም ከቴሌቪዥን ልትሰማ ነው ማለት ነው። ጋሼ ዋና አዘጋጁን አነጋገሩ፣ እሱም ተስማማ፣ የዚያን ዕለት ቁጥሩ ብቻ ተነበበ። ለእኔ ከ22 ዓመቱ ሥራቸው ሁሉ ትልቁ ይሄ ነው። በስክሪን ማንም አላየውም።

ትናንት ማስታወቂያውን ሲያነቡ ግቢው ጸጥ አለ። ያው ድምፅ ነው፣ ትንሽ ሻክሯል እንጂ። ጆሮአቸው የደከመው የሦስተኛ ፎቋ እማማ ማንም ሳይደግምላቸው ሰምተው "ማክሰኞ ሌሊት ነዋ፣ ባልዲዬን ላዘጋጅ" ብለው ተነሡ።

ስብሰባው ሲበተን ወረቀቱን ለምኜ ወሰድኩት። አሁን ጠረጴዛዬ ላይ ነው። "ውሃ ይሰጣል" የሚለው ላይ ሁለት ነጥብ አለ፤ አንዱ "ሰ" ላይ፣ አንዱ "ጣ" ላይ።