ፍርድ ተገኘ፣ ደመወዙ ግን አልገባም

ውዝፍ ደመወዝ ይከፈል ተብሎ ተወስኖ አሠሪው ዝም ሲል፣ ሠራተኛው መጀመሪያ የሚያስበው ችሎት በመድፈር መክሰስን ነው። ቁጣው ይገባኛል። ዳሩ ግን ችሎት መድፈር የፍርድ ቤትን ሥልጣን ማስከበሪያ እንጂ ዕዳ መሰብሰቢያ አይደለም። ገንዘብ ብቻ የሚያስከፍል ፍርድ በአፈጻጸም ይጠየቃል፤ የባንክ ሒሳብ ይታገዳል፣ ንብረት ይያዛል።

ሕንድ ውስጥ ግን በተለይ የመንግሥት ሠራተኞች የችሎት መድፈር አቤቱታ አዘውትረው ያቀርባሉ፤ የት እንደሚሰናከልም እዚያ በግልጽ ይታያል። እ.ኤ.አ. በ1971 የወጣው የሕንድ የችሎት መድፈር ሕግ እንዲህ ባለ ጉዳይ የሚቀጣው ትእዛዝን ሆን ብሎ የጣሰን ነው፤ ቅጣቱ እስከ 6 ወር ቀላል እስራት፣ ወይም እስከ 2,000 ሩፒ መቀጮ፣ ወይም ሁለቱም ነው። ከልብ የመነጨ ይቅርታ ቅጣቱን ሊያስቀር ይችላል።

ብዙ ሰው የሚወድቀው ግን ገና ድሮ፣ የመጀመሪያው ትእዛዝ ሲጻፍ ነው። ፍርድ ቤቱ «መሥሪያ ቤቱ የሠራተኛውን ጥያቄ መርምሮ ይወስን» ብሎ መዝገቡን ይዘጋል። መሥሪያ ቤቱ ይመረምርና «አይገባውም» ይላል። ሠራተኛው ትእዛዙ ተጣሰ ብሎ ይመለሳል፤ የታዘዘው ግን መመርመር ነበር፣ ተመረመረ። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1996 እንዳለው፣ እንዲህ ያለው ውሳኔ ስሕተት ቢሆን እንኳ አዲስ የክስ ምክንያት ይሆናል እንጂ በችሎት መድፈር አቤቱታ አይታረምም። ዓመታት የለፋ ሰው ከዜሮ ይጀምራል፤ ይህ በጣም ያሳዝነኛል። ስለዚህ ጠበቃው ዳኝነት ሲጠይቅ የደመወዝ እርከኑን፣ ከየትኛው ቀን እስከ የትኛው ቀን እንደሚታሰብ፣ የመክፈያውን ቀነ ገደብ፣ የመዘግየት ወለዱንና ከፋዩን ክፍል ለይቶ ይጠይቅ።

ፍርዱ ከወጣ በኋላ የተረጋገጠውን ግልባጭ ለመክፈል ሥልጣን ላለው ኃላፊ፣ በስሙና በማዕረጉ፣ በሪኮማንዴ መላክ ያስፈልጋል፤ የወር በወር ስሌት ይያያዝ፣ ደረሰኙ ይቀመጥ። ትእዛዙን ማወቁ ካልተረጋገጠ ሆን ብሎ ጣሰ ማለት አይቻልም። ቀነ ገደቡ ሲያልፍ አቤቱታው ከቃለ መሐላ ጋር ይቀርባል። በዚሁ የሕንድ ሕግ የ1 ዓመት ገደብ አለው፤ በየወሩ የማስታወሻ ደብዳቤ መጻፍ ጊዜውን አያራዝመውም።

«ይግባኝ ብያለሁ» የሚል መልስ ብቻውን አያድንም፤ የዕግድ ትእዛዝ ከሌለ ፍርዱ መፈጸም አለበት። «በጀት አልተፈቀደም» የሚለው ይከብዳል፤ ኃላፊው ገንዘቡን በጊዜው ጠይቆ ከሆነ ሆን ብሎ ጣሰ ለማለት ያስቸግራልና፣ የጥያቄው ደብዳቤ በየትኛው ቀን እንደወጣ ማጣራት ነው። ከፊሉ ተከፍሎ በስሌቱ ላይ እውነተኛ ልዩነት ካለም ችሎቱ ለመቅጣት አይደፍርም፤ ሠራተኛው የተከፈለውን ሲቀበል ቀሪው መብቱ እንደተጠበቀ መሆኑን በጽሑፍ ያስፍር።

ብዙ ጊዜ መጥሪያው ሲደርስ ገንዘቡ ይከፈልና አቤቱታው ይዘጋል። በመጀመሪያው ትእዛዝ ያልተጻፈ ወለድ ግን በዚህ መዝገብ አይገኝም፤ ችሎቱ ትእዛዙን ያስከብራል እንጂ አይጨምርበትም።