ለዳኛ እንዳትነግር!

ዛሬ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1950 (እ.ኤ.አ.) ያየውን የጎፓላን መዝገብ ሳነብ የእስር ሕጉ አንቀጽ 14 ላይ ቆምኩ።

ኤ. ኬ. ጎፓላን የኬረላ መምህር ነበር። በ1930 በጋንዲ የጨው ግብር ተቃውሞ ተሳትፎ እንግሊዞች አሰሩት፤ ኋላ ኮሚኒስት ሆነ። ሕንድ ነጻ ስትወጣም እስር ቤት ነበር! በ1950 በአዲሱ የቅድመ ጥንቃቄ እስር ሕግ (ወንጀል ይፈጽማል ተብሎ የተሰጋን ሰው ያለ ፍርድ በሚያሳስረው) ተያዘ።

አንቀጽ 14 የሚለው እንዲህ ነው፦ የታሰርክበትን ምክንያት ፍርድ ቤት አይሰማም፤ ያለ ፈቃድ ከገለጥከው ደግሞ እስከ አንድ ዓመት ትታሰራለህ። ታዲያ ሰውየው በምን ይከራከር?

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ያቺን አንቀጽ ብቻ ሰረዘ። የቀረው ጸና፣ ጎፓላንም አልተፈታም። ፓርላማው ሥርዓት እስከደነገገ ድረስ ፍትሐዊነቱ አይመረመርም ተባለ። (በ1952 ራሱ ፓርላማ ገባ።)

አተረጓጎሙ ተቀይሮ ሥርዓቱ ፍትሐዊ መሆን አለበት የተባለው በ1978፣ መንግሥት ፓስፖርቷን በያዘባት በማኔካ ጋንዲ መዝገብ ነው፤ ጎፓላን በሞተ በዓመቱ። ዳኛ ፋዝል አሊ ግን ያኔውኑ በ1950 የጎፓላንን ውሳኔ በልዩነት ሐሳባቸው ተቃውመውት ነበር።